ጆን ማርሻል ያልሠራውና የሠራው፤ ስለ አሜሪካው ዋና ዳኛ ለቀረበ ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ዋና ዳኛ ስለነበረው ስለ ጆን ማርሻል ሕይወትና ሥራ በአማርኛ የተጻፈ አንድ ሰፊ ጽሑፍ አነበብሁ። ጸሐፊው እንደደከሙበት ያስታውቃል፤ አማርኛቸውም የሚጥም ነው። ስለ ሕግ ታሪክ በቋንቋችን የሚጻፈው ጥቂት በመሆኑ እንዲህ ያለውን ሥራ ማመስገን እንጂ ማጣጣል አይገባም። ሆኖም ከዋና ዋናዎቹ ነጥቦች አብዛኞቹ ወይ ስሕተት፣ ወይ ግማሽ እውነት ሆነው አግኝቻቸዋለሁ፤ ይባስ ብሎም ጸሐፊው ማርሻል ያልሠራውን ሲያሸክሙት በእርግጥ የሠራውን ነስተውታል።

ክርክራቸው ባጭሩ ይህ ነው። ማርሻል የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ መሥራች ነው፤ በ1803 በማርበሪና በማዲሰን መካከል በነበረው ክርክር ፍርድ ቤት ሕግን የመሻር ሥልጣን እንዳለው ከማንም ሳይሰማ ፈጠረ፤ ዛሬ የዓለም ፍርድ ቤቶች ሁሉ በዚያ መንገድ ይሄዳሉ፤ ከፓርቲ ጣጣ የጸዳና በፍርዱ ብቻ የሚናገር ሰው ነበረ፤ የዜጎች መብት ጋሻና ቸሮኪ የተባለው የአሜሪካ ነባር ሕዝብ ጠበቃ ነበረ፤ በባርነት ጉዳይ ግን የዘመኑ ሰው በመሆኑ አይወቀስም፤ ሲሞትም የፊላደልፊያው የነጻነት ደወል ለእርሱ ሲደወል ተሰነጠቀ። እኔም በዚሁ ቅደም ተከተል እመልሳለሁ። ዓመተ ምሕረቶቹ የኢትዮጵያ ናቸው ካላልሁ በቀር ሁሉም እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር ናቸው።

ማርሻል መሥራች አይደለም፤ አራተኛው ዋና ዳኛ ነው። ፍርድ ቤቱ በ1789 ሲቋቋም ወንበሩን የያዘው ጆን ጄይ ነው፤ ከእርሱ በኋላ ጆን ረትሌጅ ለጥቂት ወራት፣ ቀጥሎም ኦሊቨር ኤልስዎርዝ ተቀምጠውበታል። ኤልስዎርዝ በ1800 መጨረሻ ሥራውን ሲለቅ ፕሬዚዳንት ጆን አዳምስ ሹመቱን መልሶ ለጄይ ላከለት፤ ጄይም ፍርድ ቤቱ ጉልበትም፣ ክብደትም፣ ክብርም የለውም ብሎ እንቢ አለ። የእንቢታውን ደብዳቤ ይዞ ወደ ፕሬዚዳንቱ የገባው የዚያን ጊዜው የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ራሱ ማርሻል ነበረ። ከብዙ ዓመት በኋላ ስለ ሕይወቱ በጻፈው ማስታወሻ እንዳለው፣ አዳምስ አሰብ አድርጎ «እንግዲህ ማንን ልሹም?» ብሎ ጠየቀው፤ ማርሻልም አላውቅም አለ። ፕሬዚዳንቱ ጥቂት አመነታና «አንተን ሳልሾም አልቀርም» አለው። ማርሻል በፌብሩዋሪ 4 ቀን 1801 ቃለ መሐላ ፈጸመ። ፍርድ ቤቱ ለራሱ የሚሆን ሕንጻ ስላልነበረው ገና ተሠርቶ ባላለቀው የምክር ቤት ሕንጻ ምድር ቤት አንዲት ትንሽ ክፍል ተሰጥቶት ነበር የሚያስችለው። ጸሐፊው መሥራች ሲሉት ያከበሩት መስሏቸው ይሆናል፤ ነገር ግን አዲስ ቤት ከመሥራት ይልቅ ሰው የናቀውን ወንበር ወርሶ ሰው የሚፈራው ማድረግ የከበደ ነው፤ ማርሻልም ያደረገው ይህንኑ ነው።

ወደ ማርበሪ ጉዳይ ልለፍ፤ የጽሑፉ ምሰሶ እርሱ ነውና። ከማንም ሳይሰማ ፈጠረው የሚለው በመጀመሪያ ከማርሻል ከራሱ ሕይወት ጋር አይስማማም። ሕግ ያስተማረው፣ ምንም እንኳ ለጥቂት ሳምንታት ቢሆን፣ በዊሊያምና ሜሪ ኮሌጅ የነበረው ጆርጅ ዊዝ ነው፤ ዊዝ ደግሞ በ1782 በቨርጂኒያ ችሎት ተቀምጦ፣ ምክር ቤቱ ሕገ መንግሥቱን ቢተላለፍ የሥልጣንህ ድንበር እዚህ ነው፤ ከዚህ አታልፍም እለዋለሁ ብሎ በፍርዱ ጽፏል። በ1788 ሕገ መንግሥቱ ይጽደቅ አይጽደቅ ሲባል አሌክሳንደር ሃሚልተን በጋዜጣ ባወጣው ክርክር ይህንኑ አሳብ በሰፊው አብራርቶታል። በዚያው ዓመት በሪችመንድ በተደረገው የቨርጂኒያ ጉባኤ፣ ኮንግረስ ከተሰጠው ሥልጣን ያለፈ ሕግ ቢያወጣ ዳኞቹ ዋጋ ቢስ ነው ይሉታል ብሎ በይፋ የተናገረ አንድ የ32 ዓመት ጠበቃ ነበረ። ስሙ ጆን ማርሻል ይባላል። ስለዚህ በ1803 የተናገረው 15 ዓመት ሙሉ ይዞት የኖረውን ነው።

ፍርድ ቤቱም ቢሆን ለነገሩ እንግዳ አልነበረም። በ1792 ኮንግረስ አካላቸው የጎደለ የጦር ሠራዊት አባላትን የጡረታ ማመልከቻ ዳኞች እንዲመረምሩ በሕግ ባዘዘ ጊዜ፣ በተዘዋዋሪ ችሎት የተቀመጡት የጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኞች ይህ የዳኝነት ሥራ አይደለም በማለት ተቃውመዋል። በ1796 ደግሞ በሠረገላ ላይ የተጣለ የፌዴራል ግብር ሕገ መንግሥቱን ይጥሳል ተብሎ ክርክር ሲቀርብ፣ ፍርድ ቤቱ መርምሮ አይጥስም ብሏል። አይጥስም ለማለት የመረመረ ሰው ይጥሳል ማለትም እንደሚችል ማንም ይረዳዋል።

ታዲያ ማርሻል በ1803 ምን አደረገ? ነገሩን ጠጋ ብለን እንየው፤ ከጽሑፉ የጎደለው ይህ ነውና። አዳምስ በምርጫ ተሸንፎ ሊወጣ ጥቂት ቀን ሲቀረው ለዋሽንግተን አካባቢ ብዙ የሰላም ዳኞችን ሾመ፤ በእኛ አገር በቀድሞው ዘመን አጥቢያ ዳኛ ይባል ከነበረው ጋር የሚቀራረብ ሹመት ነው። የሹመት ደብዳቤዎቹን ፕሬዚዳንቱ ፈረመባቸው፤ ማኅተም ያደረገባቸው ደግሞ ዋና ዳኛ ከሆነ በኋላም እስከ ማርች 4 ቀን ድረስ የሚኒስትርነቱን ሥራ ደርቦ ይሠራ የነበረው ማርሻል ነው። ወንድሙ ጄምስ ማርሻል ለአሌክሳንድሪያ ዳኞች የሚሰጡትን ይዞ ወጣ፤ ሁሉንም ማድረስ ስላልቻለ ከፊሉን መለሰ። በጥድፊያው የቀሩት ደብዳቤዎች በመሥሪያ ቤቱ ጠረጴዛ ላይ ተቀመጡ፤ አዲሱ ፕሬዚዳንት ቶማስ ጄፈርሰንም እዚያው አገኛቸውና እንዳይሰጡ አዘዘ። ዊሊያም ማርበሪ ደብዳቤው ከቀረበት አንዱ ነበረ፤ አዲሱ ሚኒስትር ጄምስ ማዲሰን ደብዳቤውን እንዲሰጠው አስገዳጅ ትእዛዝ ይውጣልኝ ብሎ ክሱን በቀጥታ ለጠቅላይ ፍርድ ቤቱ አቀረበ።

እንግዲህ ይህን ክስ በሰብሳቢነት ያየው ሰው ደብዳቤውን ያተመውና ሳያደርስ የቀረው ሰው ራሱ ነው። ደብዳቤዎቹ ለመኖራቸው ወንድሙ በጽሑፍ ማረጋገጫ ሰጥቷል። ዛሬ በየትኛውም አገር ተከራካሪ ወገን ዳኛው ይነሣልኝ የሚልበት ምክንያት ከዚህ በላይ አይገኝም። ማርሻል ደግሞ ከችሎት መነሣትን የማያውቅ ሰው አልነበረም፤ ማርበሪ ከተፈረደ ከስድስት ቀን በኋላ፣ በማርች 2 ቀን 1803 በተሰጠው የስቱዋርትና የሌርድ ፍርድ በተዘዋዋሪ ችሎት ስላየሁት አልፈርድበትም ብሎ ተነሥቷል፤ በ1816ም ለቤተ ዘመዱ የመሬት ጥቅም በነበረበት ክርክር ላይ አልተቀመጠም። በማርበሪ ላይ ግን ተቀመጠ።

ፍርዱ የተነበበው ከስድስቱ ዳኞች አንዱ የሆነው ሳሙኤል ቼዝ ታምሞ ስለነበረ በአንድ ሆቴል ሳሎን ውስጥ ነው። ማርሻል ሦስት ጥያቄ አነሣ። ማርበሪ መብት አለው? አለው። መብቱ ሲነካ ሕግ መፍትሔ ይሰጠዋል? ይሰጠዋል። ይህ ፍርድ ቤት ትእዛዙን ሊያወጣ ይችላል? አይችልም፤ ምክንያቱም በ1789 የወጣው የፍርድ ቤቶች ሕግ አንቀጽ 13 ለጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የሰጠው የመጀመሪያ ደረጃ ሥልጣን ከሕገ መንግሥቱ ጋር ይጋጫል፤ ሲጋጩ ደግሞ የሚጸናው ሕገ መንግሥቱ ነው። የፍርድ ቤት ደጅ የረገጠ ሰው ሁሉ እንደሚያውቀው፣ ሥልጣን የሌለው ችሎት መዝገቡን ይዘጋል እንጂ ወደ ፍሬ ነገሩ ገብቶ ከሳሽ እውነት አለው፣ ተከሳሽ ጥፋተኛ ነው እያለ አይተነትንም። ማርሻል የሥልጣንን ጥያቄ ከመጀመሪያው ወደ መጨረሻው ያመጣው ለጄፈርሰን መንግሥት ሕግ ጥሳችኋል የሚል ተግሣጽ ካሰማ በኋላ የሚጠሉትን ትእዛዝ ላለማውጣት ነው። አንቀጽ 13ንም ሳይጋጭ ሊተረጉመው ይችል ነበር የሚሉ የሕግ ሰዎች ብዙ ናቸው፤ እኔም በዚህ ከእነርሱ ጋር ነኝ።

ጸሐፊው ጄፈርሰንን አንበረከከው ይላሉ። ጄፈርሰን አልተንበረከከም፤ ማርበሪም ሹመቱን ሳያገኝ ቀረ። ከዚህ ይልቅ አህያውን ፈርቶ ዳውላውን የሚለው ተረት ለነገሩ ይቀርባል፤ ልዩነቱ ማርሻል ዳውላውን የመታው አስቦበት መሆኑ ነው። ትእዛዝ ቢያወጣ ኖሮ ማዲሰን ዝም ይል ነበር፤ የፍርድ ቤቱም አቅመ ቢስነት በአደባባይ ይታይ ነበር። ትእዛዝ አላወጣምና እንቢ የሚለው ሰው አልተገኘም፤ ፍርድ ቤት ሕግን ይመረምራል የሚለው ቃል ግን በመዝገብ ላይ ቀረ። በስድስት ቀን ልዩነት በተሰጠው በስቱዋርትና በሌርድ ፍርድ ደግሞ ፍርድ ቤቱ በ1801 የወጣውን ሌላ የፍርድ ቤቶች ሕግ የጄፈርሰን ወገን መሻሩን አጽንቶለታል። ይህ የድል ነጋሪት አይደለም፤ የጥንቃቄ አካሄድ ነው። ማርሻል ምን ያህል ይጠነቀቅ እንደነበረ ሌላ ምስክር አለ። ከፍርዱ በኋላ ሁለት ዓመት ባልሞላ ጊዜ፣ ቼዝ በኮንግረስ ተከሶ ከወንበሩ ሊነሣ ሲል፣ ማርሻል በጻፈለት ደብዳቤ ዳኞችን በጥፋተኝነት ከመክሰስ ይልቅ ምክር ቤቱ ያልወደደውን ፍርድ በይግባኝ መልክ ቢሽረው ይሻላል ብሏል። የማርበሪን ፍርድ የጻፈ ሰው ይህን ጻፈ። ቼዝ በ1805 ነጻ ተባለና አሳቡ እዚያው ቀረ።

የተነገረለት ሥልጣን በተግባርም ብዙ ጊዜ አንቀላፍቷል። ማርሻል በቆየባቸው 34 ዓመታት ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ሌላ አንድም የኮንግረስ ሕግ አልሻረም፤ ዳግመኛ የሻረው በ1857 በድሬድ ስኮት ጉዳይ ነው፤ ያም ባርነትን ለመጠበቅ ነው። ማርሻል በእርግጥ ደጋግሞ የሻረው የክፍላተ አገሩን ሕግ ነው፤ ከእነዚህም ዋናው በ1819 ሜሪላንድ በፌዴራሉ ባንክ ላይ የጣለችውን ግብር የሻረበት የመከሎክ ፍርድ ነው። ጸሐፊው ይህን በአንድ ዓረፍተ ነገር ማለፋቸው ይገርማል፤ የአሜሪካ ማዕከላዊ መንግሥት ዛሬ የቆመው ከማርበሪ ይልቅ በዚህ ፍርድ ላይ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም።

የዓለም ፍርድ ቤቶች ሁሉ ተከትለውታል የሚለውን ለማፍረስ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 62 እና 83 ሕገ መንግሥቱን የመተርጐም ሥልጣን የሰጠው ለፌዴሬሽን ምክር ቤት ነው፤ የሕገ መንግሥት ጉዳዮች አጣሪ ጉባኤም በአንቀጽ 84 መሠረት መርምሮ አሳቡን የሚያቀርበው ለዚሁ ምክር ቤት ነው። መልካም ይሁን መጥፎ ሌላ ክርክር ነው፤ የማርሻል መንገድ ግን አይደለም።

ከፓርቲ የጸዳ ነበር ወደሚለው ስንመጣ፣ ማርሻል ከፌዴራሊስቱ፣ ማለት ከአዳምስ ወገን በኮንግረስ ተመርጦ የሠራ፣ የዚያው ወገን ሚኒስትር የነበረ፣ ለአንድ ወር ያህልም ሚኒስትርና ዋና ዳኛ በአንድነት የሆነ ሰው ነው። ጄፈርሰንን ቃለ መሐላ ባስፈጸመበት ዕለት ጧት ለፖለቲካ ወዳጁ ደብዳቤ ጀምሮ፣ የጄፈርሰንን ወገኖች በአሳብ ዓለም የሚኖሩና ፍጹም አሸባሪዎች ብሎ ለሁለት ከፈላቸው፤ ጄፈርሰንን ከኋለኞቹ አልቆጥረውም አለ። ብዕሩን አስቀምጦ ሄደ፤ ሥነ ሥርዓቱን ፈጽሞ ከቀትር በኋላ ተመልሶ ደብዳቤውን ጨረሰ። በፍርዱ ብቻ ይናገር ነበር የሚለውም ትክክል አይደለም። የመከሎክን ፍርድ የቨርጂኒያ ዳኞች በብዕር ስም በጋዜጣ ሲያብጠለጥሉት፣ ማርሻልም በ1819 በብዕር ስም በጋዜጣ መልስ ጽፏል፤ አንድ ጊዜ የኅብረቱ ወዳጅ፣ ሌላ ጊዜ የሕገ መንግሥቱ ወዳጅ እያለ። በ1807 የቀድሞውን ምክትል ፕሬዚዳንት የአሮን በርን የአገር ክህደት ክስ ከመስማቱ በፊት ተከሳሹ በተገኘበት በጠበቃው ቤት ራት በልቶም ብዙ ታምቷል። ለሚዛን ያህል ይህም ይነገርለት፤ የገዛ ፓርቲው መንግሥትን የሚነቅፉ ጋዜጠኞችን የሚያስቀጣ ሕግ ሲያወጣ ማርሻል ሕጉን በይፋ ነቅፏል። የፓርቲ ሰው ነበረ፤ የፓርቲ አሽከር ግን አልነበረም።

በዚህ ላይ ጸሐፊው ጨርሰው የረሱት ትልቅ ሥራ አለ። ከማርሻል በፊት ዳኞቹ በዋና ዋና ጉዳዮች እያንዳንዳቸው የየራሳቸውን አሳብ በተራ ያነቡ ነበር፤ አድማጭም ፍርዱ ምን እንደሆነ ለማወቅ እንደ ሒሳብ መደመር ነበረበት። ማርሻል ይህን ለውጦ ፍርዱ የፍርድ ቤቱ ፍርድ ተብሎ በአንድ ድምፅ እንዲነበብ አደረገ፤ ከአምስት መቶ የሚበልጠውንም የጻፈው ራሱ ነው። ዳኞቹ በችሎት ወቅት ቤተሰባቸውን ትተው ዋሽንግተን ውስጥ በአንድ የኪራይ ቤት አብረው ያድሩ፣ በአንድ ገበታ ይበሉ ነበር። ከዳኞቹ አንዱ ጆሴፍ ስቶሪ ያወራው ተብሎ እንደሚነገረው፣ ወይን የሚጠጡት ዝናብ ሲዘንብ ብቻ እንዲሆን ተስማምተው ነበር፤ ሰማዩ ጠርቶ ሲገኝ ግን ማርሻል የሥልጣን ክልላችን ሰፊ ስለሆነ አንድ ቦታ መዝነቡ አይቀርም ይል ነበር አሉ። ጄፈርሰንና ማዲሰን የሾሟቸው ዳኞች ገብተው ማርሻል በቁጥር ብቻውን ሊቀር በተቃረበበት ዘመን እንኳ አብዛኛውን ጊዜ በአንድ ፍርድ የተስማሙት በዚህ ገበታ ዙሪያ ነው። ጄፈርሰን ይህ አንድነት እስኪሞት ድረስ አናድዶታል፤ ፍርዱ በጓዳ ተማክሮ የሚወጣ ነው እያለም ያማርር ነበር። የተናቀውን ወንበር ያስከበረው ይህ ነው።

የዜጎች መብት ጋሻ የሚለውን በአንድ ፍርድ ላልፈው። በ1833 የባልቲሞር ከተማ የሠራችው ሥራ ደለል አምጥቶ የመርከብ ማራገፊያውን ያበላሸበት ባሮን የሚባል ሰው፣ ንብረቴ ያለ ካሣ ተወስዷል ብሎ የዜጎችን መብት በዘረዘሩት በሕገ መንግሥቱ ማሻሻያዎች ሲከራከር፣ ማርሻል ማሻሻያዎቹ የሚያስሩት የፌዴራሉን መንግሥት እንጂ ክፍላተ አገሩን አይደለም ብሎ አሰናበተው። ትርጉሙ ለዘመኑ ትክክል ሊሆን ይችላል፤ ጋሻ የሚያሰኝ ግን አይደለም።

የቸሮኪው ነገር ግን ረጋ ብሎ መታየት አለበት፤ ጸሐፊው የ1832ቱን ፍርድ ብቻ ይዘው ሁለት ታላላቅ ፍርዶችን ዘለዋልና። በ1823 በጆንሰንና በመኪንቶሽ ጉዳይ ማርሻል፣ አውሮፓውያን አገሩን በማግኘታቸው የመሬቱ ባለቤትነት ወደ እነርሱ አልፏል፤ ነባሮቹ የሚቀራቸው የመቀመጥ መብት ነው ሲል ፈረደ፤ ድል መንሣት የሚሰጠውን ባለቤትነት የድል አድራጊው ፍርድ ቤት ሊክድ አይችልም ብሎም ጻፈ። የነባር ሕዝቦች መሬት ጠፍቶ የሄደበት የሕግ በር ይህ ነው። በ1830 ማብቂያ የጆርጂያ ክፍለ አገር ኮርን ታስል የተባለውን የቸሮኪ ሰው በሞት ስትቀጣ፣ ማርሻል ጉዳዩ ለጠቅላይ ፍርድ ቤቱ እንዲቀርብ ትእዛዝ ፈረመ፤ ጆርጂያ ትእዛዙን ንቃ በዲሴምበር 24 ሰውየውን ሰቀለችው። በ1831 የቸሮኪ ሕዝብ ራሱ ጆርጂያን ሲከስ ማርሻል፣ እናንተ የውጭ አገር መንግሥት አይደላችሁም፤ በአገር ውስጥ ያላችሁ ጥገኛ ብሔር ናችሁ፤ ከዩናይትድ ስቴትስ ጋር ያላችሁም ግንኙነት በሞግዚት እንደሚያድግ ልጅ ነው ብሎ መዝገቡን ዘጋ። ስቶሪና ቶምሰን ተቃውመው የልዩነት አሳብ አስመዘገቡ።

በሚቀጥለው ዓመት ጆርጂያ ያለ ፈቃድ በቸሮኪ ምድር ተቀምጣችኋል ብላ በአራት ዓመት የከባድ ሥራ እስራት የቀጣቻቸው ሚስዮናውያን፣ ሳሙኤል ዉስተርና ኤሊዙር በትለር፣ ይግባኝ ሲሉ ማርሻል የጆርጂያ ሕግ በቸሮኪ ምድር አይሠራም ብሎ ፈረደ። ይህ ታላቅ ፍርድ ነው፤ አልክድም። ያረጀ ሰው የገዛ ፍርዱን መለስ ብሎ ሲያርም ይታያል። ነገር ግን ጸሐፊው ፕሬዚዳንት አንድሪው ጃክሰን «ማርሻል ፈርዷል፤ እንግዲህ ራሱ ያስፈጽመው» አለ ብለው የጠቀሱት ቃል የታተመው በ1864፣ ከፍርዱ 32 ዓመት በኋላ በወጣ የአንድ ጋዜጠኛ መጽሐፍ ነው። ጃክሰን በእርግጥ የጻፈው ሌላ ነው፤ በ1832 ለወዳጁ በላከው ደብዳቤ ፍርዱ ሞቶ እንደተወለደ ጽንስ ነው፤ ጆርጂያን ሊያስገድዷት አይችሉም ብሏል። ልዩነቱ ቀላል አይደለም። ፍርዱ እንደተሰጠ ችሎቱ ለዓመቱ ተዘጋ፤ ጆርጂያ እንቢ ማለቷ በመዝገብ ቀርቦ የማስገደጃ ትእዛዝ የሚወጣበት ጊዜ ገና ነበር፤ ስለዚህ ጃክሰን እንቢ የሚለው ትእዛዝ አልደረሰውም። ከዚያ ደቡብ ካሮላይና የፌዴራሉን ሕግ አልቀበልም ያለችበት አመፅ መጣ፤ ጃክሰን በሁለት ግንባር መጋጨት አልፈለገም፤ በሽምግልናና በግፊት መካከል ሚስዮናውያኑ ምሕረት ጠይቀው በጃንዋሪ 1833 ተፈቱ። ቸሮኪዎቹ ግን አልዳኑም፤ ማርሻል ከሞተ ከወራት በኋላ በ1835 መጨረሻ ጥቂቶች በፈረሙት ውል መሬታቸው ተሸጠ፤ በ1838 በጦር ኃይል ተነዱ፤ በመንገድና በሰፈር የሞቱት 4,000 ያህል እንደሚሆኑ ይገመታል።

ከሁሉም ያስጻፈኝ ግን የባርነቱ ነገር ነው። ጸሐፊው ማርሻል ጥቂት አሽከሮች ነበሩት፤ የዘመኑ ሰው ነው ብለው ያልፉታል። እ.ኤ.አ. በ2018 የታተመ አንድ የታሪክ ጥናት ከግብርና ከቆጠራ መዝገብ እንዳሳየው፣ በሕይወት ዘመኑ የገዛቸውና የያዛቸው ባሮች በመቶዎች የሚቆጠሩ ናቸው። አሽከር የሚለው ቃል ለዚህ አይሆንም። የግል ሕይወቱን እንኳ ብንተወው ፍርዶቹ አሉ።

በ1813 ማይማ ኩዊን የምትባል ሴት ከልጅዋ ጋር የነጻነት ክስ አቅርባ ነበር። ቅድመ አያቴ ነጻ ሴት ነበረች፤ እኛም ነጻ ነን ነው የምትለው። ጠበቃዋ ኋላ የአሜሪካን ብሔራዊ መዝሙር ግጥም የጻፈው ፍራንሲስ ስኮት ኪ ነበረ። የቅድመ አያቲቱን ነገር በዓይኑ ያየ ሰው ሞቶ አልቋል፤ የቀረው ከአባቶቻቸው የሰሙ ሰዎች ቃል ነው። ማርሻል ይህ የስሚ ስሚ ምስክርነት ነው፤ አይቀበልም አለ። የስሚ ስሚን የሚከለክለው ሕግ በራሱ ጤነኛ ነው፤ ነገር ግን ለዘር ሐረግና ለመሬት ድንበር ክርክር ሕጉ ልዩ ሁኔታ ያደርግ ነበር፤ ማርሻል ራሱም ይህን በፍርዱ ጠቅሷል። ለመሬት ወሰን የሚበቃው የሽማግሌ ቃል ለሰው ነጻነት ሳይበቃ ቀረ። ባሪያ ሆኖ የተወለደ ሰው የአያቱን የልደት መዝገብ ከየት ያመጣል?

እዚህ ላይ የዘመኑ ሰው የሚለው ክርክር ይወድቃል። በዚያው ክፍል፣ በዚያው ወንበር፣ ከማርሻል በሦስት ዓመት የሚበልጥ ገብርኤል ዱቫል የሚባል የሜሪላንድ ሰው ተቀምጦ ነበር። እርሱም ባሪያ አሳዳሪ ነው። ነገር ግን ጠበቃ በነበረበት ጊዜ የነጻነት ክስ ተከራክሮ ያውቃልና የልዩነት አሳብ ጻፈ፦ የስሚ ስሚን ለመሬት ድንበር ከተቀበልን ለነጻነት የምንቀበልበት ምክንያት እጅግ ይበልጣል፤ የነጻነት መብት ከንብረት መብት እንደሚበልጥ ሁሉም ሰው ያምናል አለ። ዱቫል ከሌላ ዘመን አልመጣም። የማርሻል መምህር ዊዝም ከሌላ ዘመን አልመጣም፤ ባሮቹን ነጻ አውጥቷል፤ በ1806ም በቨርጂኒያ ችሎቱ ነጻነት የእያንዳንዱ ሰው የልደት መብት ነው፤ ባሪያዬ ነው የሚል ያስረዳ ብሎ ፈርዷል። ማርሻል በአምስት ቅጽ የሕይወት ታሪኩን የጻፈለት ጆርጅ ዋሽንግተንም ባሮቹ ነጻ እንዲወጡ በኑዛዜው አዝዟል። ማርሻል ሦስቱንም ያውቃል።

በ1825 በአንቴሎፕ መርከብ ጉዳይ ማርሻል የባሪያ ንግድ ከተፈጥሮ ሕግ ጋር እንደሚጋጭ ማንም አይክድም ብሎ ከጀመረ በኋላ፣ የአገሮች ሕግ ግን አይከለክለውም፤ ዳኛም የሚፈርደው በዚህ ነው አለ። መርከቧ በ1820 ስትያዝ 280 ያህል አፍሪካውያን ነበሩባት፤ ክርክሩ ዓመታት ሲፈጅ ብዙዎቹ ሞቱ፤ 120 ያህሉ ወደ ላይቤሪያ ሄዱ፤ ወደ 40 የሚጠጉት ለባርነት ቀሩ።

ኑዛዜው ደግሞ ሰውየውን ከቅርብ ያሳየናል። ማርሻል ዕድሜውን ሙሉ ያገለገለውን ሮቢንን ነጻ እንዲወጣ ፈቀደ፤ ላይቤሪያ ቢሄድ 100 ዶላር፣ ባይሄድ 50 ዶላር ይሰጠው አለ። የቨርጂኒያ ሕግ ነጻ የወጣ ሰው አገሩን ለቆ እንዲሄድ ያዝዝ ስለነበረ፣ ነገሩ ካልተሳካ ሮቢን ከልጆቼ መካከል ጌታውን ይምረጥ፤ ሴት ልጄን ቢመርጥ ለእርሷ በአደራ እንደተሰጠው ሌላው ንብረት ይያዝ ብሎ ጻፈ። በ2021 እና በ2022 በቺካጎና በክሊቭላንድ ያሉ ሁለት የሕግ ትምህርት ቤቶች ስሙን ከበራቸው ላይ አንሥተዋል። ማንሣታቸው ይገባ ነበር አይገባም የሚለው ላይ ከጸሐፊው ጋር ልንለያይ እንችላለን፤ ይህን ሳይነግሩ ሕይወቱን ጻፍሁ ማለት ግን አይቻልም።

የቀረው ደወሉ ነው። ማርሻል በጁላይ 6 ቀን 1835 በፊላደልፊያ መሞቱ እውነት ነው፤ አስከሬኑ ከከተማው ሲወጣ የነጻነት ደወል ተደውሎ ተሰነጠቀ የሚለው ግን ኋላ የመጣ ወሬ ነው፤ በዚያው ሰሞን የጻፈው ሰው የለም። ደወሉ ዳግመኛ እንዳይደወል ሆኖ የተሰነጠቀው በፌብሩዋሪ 1846 ለዋሽንግተን የልደት በዓል ሲደወል መሆኑን የከተማው ጋዜጣ በዚያው ሳምንት ዘግቦታል። ጸሐፊው ታላቁ ዋና ዳኛ ተብሎ የተጻፈበት መቃብር ያሉትም ሪችመንድ ሾኮ ሂል ላይ የለም። ማርሻል ከመሞቱ ሁለት ቀን በፊት የመቃብሩን ጽሑፍ ራሱ ጽፎ ነበር፤ የቶማስና የሜሪ ማርሻል ልጅ ነው፤ በሴፕቴምበር 24 ቀን 1755 ተወለደ፤ ሜሪ ዊሊስ አምብለርን በጃንዋሪ 3 ቀን 1783 አገባ፤ በጁላይ 1835 ከዚህ ዓለም ተለየ ይላል። ለሚሞትበት ቀን ባዶ ቦታ ተወ፤ ስለ ዳኝነቱ አንድ ቃል አልጨመረም።